ሱዌኖና የኮረብታው ደወል

ኢዋሴ ውስጥ የእጅ ሰዓት አስሮ የሚዞር ሰው ከተገኘ ወይ እንግዳ ነው ወይ ጉረኛ። የእኛ ሰዓት የተሰቀለው ኮረብታው ላይ ነው። ድሮ የአገሩ ጌታ ግንብ ከነበረበት፣ ዛሬ የድንጋይ ካቡ ብቻ ከቀረበት ቦታ፣ አንድ ትልቅ የነሐስ ደወል አለ። ከጎኑ ግንድ በገመድ ተንጠልጥሏል፤ ደወል መቺው ግንዱን ወደ ኋላ ስቦ ሲለቀው ሄዶ ደወሉን ይመታዋል። ድምፁ ሁለቱን ወንዞች ተሻግሮ እስከ ፋብሪካው ጭስ ማውጫ ይደርሳል። በጦርነቱ ጊዜ የየቤተ መቅደሱ ደወል ለመድፍ ሲቀልጥ ይሄኛውን የተዉልን ለአውሮፕላን ማስጠንቀቂያ ይሆናል ብለው ነበር። አውሮፕላኑ መጣ፣ ደወሉም ተመታ፣ ከተማችን ግን ከመቃጠል አልዳነችም። ካቡና ደወሉ ተረፉ። ከዚያ ፋብሪካው እንደገና ተሠራ፣ ጭሱም እንደገና ተነሣ፣ እኛም ከጭሱ ሥር ወለድን፣ ከበድን።

ፋብሪካው ሰው ሠራሽ ሐር የሚፈትል ነው። የራሱ ጡሩምባ ነበረው፤ ሲጮህ የሰፈሩ ውሻ ሁሉ አብሮት ያላዝናል። ጡሩምባው ወደ ሥራ ይነዳናል፣ ደወሉ ደግሞ ምሳ ደረሰ፣ ልጆቻችሁን ሰብስቡ፣ ቀኑ መሸ ይለናል። የቱን እንደምንወድ መናገር አያስፈልግም።

እኔ ሂሳዮ እባላለሁ። ከኮረብታው ደረጃ ሥር ቶፉ፣ የአኩሪ አተር አይብ ማለት ነው፣ እየሠራሁ ስሸጥ ኖሬአለሁ። ምላሷ ረጅም ነው ይሉኛል፤ ይበሉ። ስለ ደወሉ ከተማው ሁሉ ያወራል፣ ጋዜጠኛም መጥቶ ፎቶ አንሥቶት ያውቃል። ስለ ሱዌኖ ግን ሲያወራ የሰማሁት ሰው የለም፤ ይሄ ያናድደኛል። ሱዌኖ የደወል መቺው የቶኩዞ ሚስት ነበረች፣ የእኔም ጓደኛ።

ቶኩዞ በወጣትነቱ ፋብሪካው ውስጥ ነበር የሚሠራው። የፈትል አዳራሹ ጩኸት አንድ ጆሮውን ደፈነበት። ሱዌኖንም ያገኛት እዚያው ነው፤ የተበጠሰ ክር ትቀጥል ነበር። ከባሕር ዳርቻ መንደር ተመልምላ የመጣች፣ ጥርሰ ፍንጭት፣ ሳቂታ ልጅ ነበረች። ከጦርነቱ በኋላ የፊተኛው ደወል መቺ ሲሞት ማዘጋጃ ቤቱ ሰው ፈለገ። ከደወሉ ሥር ያለው የደወል መቺው ቤት የአይጥ ጎሬ፣ ሥራው ዕረፍት የማያውቅ፣ በዓል የለ፣ ሰንበት የለ። ሰው ሁሉ ሲሸሽ ቶኩዞ “እኔ አለሁ” አለ። በተጋቡ ማግስት ዕቃቸውን ተሸክመው ደረጃውን ወጡ፤ ልጅ አልወለዱም፣ ከዚያ ኮረብታም ጓዛቸውን ይዘው አልወረዱም።

ሰፈርተኛው በእነሱ መቀለድ ይወድ ነበር። “ጋሼ ቶኩዞ፣ ሁለት ሚስት አግብተህ እንዴት ቻልከው?” ይሉታል። እሱ ፊቱን ሳይፈታ፣ “ትልቋ እንኳ ካልነኳት አትናገርም” ይላል። ሱዌኖ ከኋላው ሆና፣ “ትንሿም ብትናገር የሚሰማ ጆሮ የለም” ትላለች። ሰው ይስቃል፣ እሷም ትስቃለች። እኔም አብሬ እስቅ ነበር፤ ቀልድ ይመስለኝ ነበርና።

መከር ሲገባ ወንዛችንን በቀርከሃ እንገድበዋለን። ዓሣው እንቁላሉን ሊጥል ወደ ታች ሲወርድ የቀርከሃው አልጋ ላይ ወድቆ ይቀራል። ጨው ነስንሰን፣ በእንጨት ወግተን፣ ከፍሙ ዳር እናቆመዋለን። በዚያ ወር ኢዋሴ ፋብሪካ ፋብሪካ መሽተቷን ትታ ዓሣ ዓሣ ትሸታለች። ሰው ባሉን ሚስቱን ይዞ ከዳሱ ሥር ይቀመጣል፣ ይበላል፣ የሩዝ አረቄውን ይጠጣል። ሱዌኖ ግን የምትመጣው ሁልጊዜ ከእኔ ጋር ነበር። አንድ ዓመት እንዲሁ ተቀምጠን ስንበላ የማታው ደወል ተመታ። ዓሣውን ከአፏ መለሰችው።

“ምነው፣ አጥንት ወጋሽ?” አልኳት።

“ቆይ፣ ይጨርስ።”

እስኪያልቅ ጠበቀች። ከዚያ፣ “ሂሳዮ፣ እኔ እኮ ይሄን ደወል ከባሌ ጋር ሰምቼው አላውቅም” አለችኝ።

“ወይ ጉድ! ሥሩ ተኝተሽ እያደርሽ?”

“ሲመታ እሱ ገመዱ ጋ ነው፣ እኔ ምድጃው ጋ ነኝ። እሱን ያመመው ቀን ደግሞ እኔ ገመዱ ጋ ነኝ፣ እሱ ፍራሹ ላይ። ይኸው ዕድሜያችን በዚሁ አለቀ።” በአገጯ ከፊታችን የተቀመጡትን ባልና ሚስት አሳየችኝ፤ ሴትዮዋ ለባሏ የዓሣውን አጥንት እየለቀመችለት ነበር። “አንድ ጊዜ ብቻ እዚህ ጎኔ ቁጭ ብሎ፣ ሌላ ሰው መትቶት፣ እኛ ብንሰማ ምን አለበት? እንደ ሰው።”

“ታዲያ ለሱ ንገሪው እንጂ!”

“ነገርኩት።”

“ምን አለሽ?”

“ለከርሞ።”

ከዚያ ወዲህ መከር በመጣ ቁጥር እየሳቅሁ “ዘንድሮስ?” እላታለሁ፤ እሷም እየሳቀች “ለከርሞ” ትለኛለች። ዓሣው በየዓመቱ ይወርዳል፣ ከርሞ ግን አልመጣም።

ቶኩዞ ክፉ ሰው ሆኖ አይደለም። ኩሩ ነው፣ እዚህ ላይ ነው ነገሩ የተበላሸው። እናቱ የሞተች ጊዜ ሁለቱም ለቀብር ወደ እናቱ የተራራ መንደር ሲሄዱ ማዘጋጃ ቤቱ አንድ ጸሐፊ ተካ። ጸሐፊው ቸኩሎ የቀትሩን ደወል ቀድሞ መታው። የፋብሪካው ሴቶች ለምሳ ብለው ወጡ፣ ከአለቆቻቸው ጋር ተጨቃጨቁ፤ ተማሪዎቹ ቦርሳቸውን አንጠልጥለው ሮጡ፤ እኔም ያልረጋ ቶፉ ከወንፊቱ አውጥቼ አፈሰስኩ። ቶኩዞ ሲመለስ ከተማው ጠበቀው። “ጋሼ ቶኩዞ፣ ፀሐይቱን አሳመምካት እንዴ?” ይሉታል። “ምሳችንን ጠዋት ነው የበላነው ወይስ ቁርሳችንን ቀትር ላይ?” ይሉታል። የእናቱን ሐዘን ሳይጨርስ በደወሉ አፈረ። እሱ ደግሞ ካፈርኩ አይመልሰኝ ዓይነት ሰው ነው፤ ከዚያ በኋላ ገመዱን ከሚስቱ በቀር ለማንም አልሰጠም። እኛ የሳቅነውን እኛ ረሳነው። የከፈለችበት ሱዌኖ ናት።

ዘመኑም ተለወጠ። ሐሩን ሌላ አገር በርካሽ ይፈትሉት ጀመር። አዳራሾቹ አንድ በአንድ ተዘጉ፣ ጭስ ማውጫዎቹ ፈረሱ፣ ወጣቱ ወደ ኦሳካ ሄደ። አንድ ቀን ጡሩምባው ዝም አለ፤ ውሾቹ ብቻ በሰዓታቸው ጥቂት ቀን አላዘኑ። ማዘጋጃ ቤቱ ለደወሉም የኤሌክትሪክ መምቻ ላስገባ አለ። ቶኩዞ እንደ ተቆጣ ዶሮ ደረቱን ነፍቶ ወረደና፣ “እኔ ስሞት አስገቡ” አላቸው። ከተማው አጨበጨበለት። እኔም አጨብጭቤአለሁ።

በዚያው ሰሞን ስኳር በሽታ የሱዌኖን ዓይን ወሰደው። መጀመሪያ ደረጃው ብዥ አለባት፣ ከዚያ ፊቶች፣ በመጨረሻ ብርሃኑም። ቀጥሎ ጣቶቿ ደነዘዙ፤ የትኩስ ሻይ ስኒ ይዛ ትኩስ መሆኑን አታውቅም። ኩላሊቷም እምቢ ሲል ከወንዙ ማዶ ያለው ሐኪም ቤት አስተኟት።

ቶኩዞ ደወሉን በመታ ቁጥር ደረጃውን ወርዶ፣ ድልድዩን ተሻግሮ እየሮጠ ይሄድላታል። ዕድሜው እንዲህ ለመሮጥ አልነበረም፤ ጉልበቱም ያመዋል። ገና ትንፋሹ ሳይመለስ፣ ገና ስለ ጓሮው ነጭ ሽንኩርት ሳይነግራት እሷው ትቀድመውና፣ “ሂድ፣ ይደርስብሃል” ትለዋለች። እሱም ይነሣል። ደወሉ ሲመታ ፊቷን ወደ መስኮቱ ታዞራለች። እኔ አጠገቧ ቁጭ ብዬ ለስላሳ ቶፉ በማንኪያ እያጎረስኳት ነበር ይሄን የማየው።

“ሂሳዮ፣ የመከሩ ዓሣ ወረደ?” አለችኝ አንድ ቀን።

“ገና ነው። ሲወርድ አመጣልሻለሁ።”

“ዓሣውስ ይቅር። ያ ሰውዬ አንድ ቀን እዚህ ሆኖ ደወሉ ቢመታ…” ብላ ሳቀችና ተወችው። የታመመ ሰው ሲስቅ ማየት ያማል። ያን ቀን ከሐኪም ቤት እንደ ወጣሁ ንዴቴ አናቴ ላይ ወጣ።

ቶኩዞ ማታውን ቶፉ ሊገዛ ወደ ሱቄ መጣ። ሳህኑን ተቀበልኩትና አልሞላሁለትም።

“ጋሼ ቶኩዞ፣ ያቺ ሴት እየሞተችብህ ነው።”

“ሐኪሙ እንደዚያ አላለኝም።”

“ሐኪሙ የት አግኝቶህ ይንገርህ? አንድ ቦታ ትቀመጣለህ?”

“ደወሉ አለ እኮ።”

“የለመነችህ ምንድን ነው? ሐር ልብስ ነው? ቤት ነው? አንድ ጊዜ አጠገቤ ሁንና እንስማው ነው ያለችህ!”

“አውቃለሁ።”

“ታውቃለህና?”

“ደወሉን ማን ይመታል?”

“እሳት ይብላው ደወሉን!” አልኩ። ኢዋሴ ውስጥ እንዲህ ያለ ሰው የለም፤ እኔም ከአፌ ሲወጣ ደነገጥኩ። እሱ ግን አልተቆጣም። ሳህኑን እንኳ ሳይቀበለኝ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣኝና ወጣ።

በማግስቱ ሱቁን ሳልከፍት ደጃፌ ላይ ቆሞ አገኘሁት። ፊቱ ያልተኛ ሰው ፊት ነበር።

“ካንጂ ጆሮው ደህና ነው?” አለኝ።

ካንጂ ጎረቤቴ ነው። ፈትል አዳራሹ ውስጥ አለቃ ሆኖ ኖሮ ጡረታ የወጣ፣ ወሬኛና ሳቂታ ሰው። ያን ጊዜ ስለ ፀሐይቱ መታመም ሲቀልድ ከሁሉም የባሰው እሱ ነበር። ቶኩዞ እሱን ሊለምን መሄዱ ምን ያህል እንደ ከበደው እኔ አውቃለሁ። ካንጂ ግን አልቀለደም። ጫማውን አደረገና ተከተለው።

ከተማው እንዳይሰማ ደወሉን በጥጥ ብርድ ልብስ ጠቅልለው ልምምድ ጀመሩ። ደወሉ በተመታባቸው ሰዓቶች መካከል ከሱቄ ሆኜ ድም፣ ድም ሲል እሰማለሁ፤ ትልቅ ሰው ደረቱን የሚመታ ይመስላል። አንድ ቀን ቶፉ ይዤላቸው ወጣሁ። ካንጂ ላብ በላብ ሆኗል።

“ቶሎ ለቀቅከው” ይለዋል ቶኩዞ።

“እኔ እኮ ስንት ሴት ያዘዝኩ ሰው ነኝ! አንድ ግንድ ያቅተኛል?”

“ሴቶቹም ቢሆኑ አልሰሙህም። እንደገና።”

ድም።

“ከመጨረሻው በፊት ቆየት በል። እኔ እዚያ ጋ ትንፋሽ እወስዳለሁ።”

“አንተ ብትተነፍስ ባትተነፍስ ማን ያውቃል?”

“ሱዌኖ ታውቃለች። እንደገና።”

ካንጂን አሳረፍኩትና ቶኩዞን፣ “ለሷ ነግረሃታል?” አልኩት።

“አልነግራትም። ከነገርኳት ተው፣ ሰው ይስቅብሃል ትለኛለች፤ መልሳ ታባርረኛለች። ዝም ብዬ አጠገቧ እቀመጣለሁ። ደወሉ ልክ እንደ እኔ ሆኖ ይመታል፣ ከተማው ምንም አያውቅም። እጇን ስይዛት እሷ ብቻ ታውቃለች።” ይህን ሲል ሳቀ። ቶኩዞ ሲስቅ ያየሁት ያኔ ነው፤ ጥርሱ እንዳለቀም ያኔ ነው ያወቅሁት። ጥሩ ነገር ያሰበ መሰለው። እኔም ጥሩ መሰለኝ፣ እንዲያውም ዕንባዬ መጣ።

ካንጂ ለመደው። ብርድ ልብሱን አውልቀው አንድ የቀትር ደወል በእውነት መታ፤ ቶኩዞ ከድልድዩ ላይ ቆሞ ደህና በሆነው ጆሮው አዳመጠው። እኔም ሱቄ ደጃፍ ቆሜ ሰማሁ። ለደንበኞቼ፣ “ዛሬ ደወሉ እንዴት ነው?” ብዬ ብጠይቅ፣ “እንዴት ይሆናል? ያው የቶኩዞ ነው” አሉኝ። ቶኩዞ ተመልሶ፣ “በቃ፣ ነገ የማታውን” አለ። ፀጉሩን ሊቆረጥ ሄደ፣ የሠርጉን ጥቁር ካባም ከሣጥን አውጥቶ ነፋስ እንዲነካት አሰጣት።

በነጋታው ከቀትር በኋላ የሱቄ ስልክ ጮኸ። ከሐኪም ቤቱ ነው፤ ትኩሳቷ ወጥቷል፣ ቶሎ ይምጡ አሉ። ደረጃው ግርጌ ቆሜ ያለኝን ጉሮሮ ሁሉ አውጥቼ ጮህኩ። ቶኩዞ ገመዱን ለካንጂ ሰጥቶ በቤት ነጠላ ጫማው ወረደ፤ ካባዋ እላይ እንደ ተሰጣች ቀረች። ድልድዩን አብረን ሮጥን። ስንደርስ ሱዌኖ በትኩሳት ሰምጣ ተኝታለች፤ ፊቷ አብጧል፣ ትንፋሿ ቁርጥ ቁርጥ ይላል። ቢጠራትም አልሰማችም። ወንበር ስቦ ተቀመጠ፣ እጇን በሁለት እጁ ያዘ።  እኔ እግሯ ሥር ቆምኩ።

የማታው ደወል ተመታ።

ካንጂ አንዱንም አልሳተም። ድምፁ ወንዙን ተሻግሮ በመስኮቱ ገባ፣ ከመጨረሻው በፊት ቆየት አለ፣ ትንፋሽ ወሰደ፣ መታ። ሱዌኖ ዓይኗን ገለጠች። እንደ ልማዷ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች፣ ቶኩዞ ግን በዚህ በኩል ነበር።

“ሱዌኖ፣ እኔ ነኝ። እዚህ ነኝ” አላት። ድምፁ ከሩጫውና ከዕንባው የተነሣ ሻክሯል።

ቀስ ብላ ወደ እሱ ዞረች። “ዶክተር ነዎት?” አለችው። “ድምፅዎ የባሌን ይመስላል።”

“ቶኩዞ ነኝ እኮ! እጅሽን ይዤሻለሁ።”

“አይቀልዱብኝ። እሱ እኮ ላይ ነው፤ አሁን ሲመታ አልሰሙትም?”

አላስቻለኝም። “ሱዌኖ፣ እውነቱን ነው! የመታው ካንጂ ነው፣ ቶኩዞ አጠገብሽ ነው!” አልኳት።

“ሂሳዮ፣ አንቺም አለሽ?” አለች፤ ያቺ የጥርሷ ፍንጭት ታየች። “ደስ እንዲለኝ ብለሽ ነው። ካንጂ! ካንጂ ደወል ቀርቶ ዝንብም መምታት አይችልም። የባሌን ምት እኔ ላጣው?”

ቶኩዞ ቀና ብሎ አየኝ። እንደዚያ ያለ ዓይን ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አላየሁም፤ አንድ ነገር አድርጊልኝ ይላል፣ የማደርገው ግን ምንም አልነበረኝም። እጇን ወደ ፊቱ ወሰደና ጉንጩን፣ ዓይኑን፣ ተደፍኖ የቀረ ጆሮውን አስዳሰሳት። የደነዘዘ ጣት ምን ያውቃል? ዶክተሩ የሚመረምራት መሰላትና ዝም ብላ ተወችለት።

“ዶክተር፣ ላስቸግርዎት” አለችው በመጨረሻ። “ደወሉን ጨርሷል፣ አሁን ደረጃውን ሊወርድ ነው። ጉልበቱን ስለሚያመው ይቆያል። እስኪመጣ እጄን አይልቀቁኝ።”

አፉን ከፈተ፤ ስሙን ደግሞ ሊነግራት መሰለኝ። ከዚያ ዘጋው። ዕንባውን በክርኑ ጠረገና፣ “እሺ። አልለቅም” አላት።

ከዚያ በኋላ ሁለቱም እሱን ጠበቁ። መስኮቱ ሲጨላልም፣ ነርሷ መብራት ስታበራ፣ ሱዌኖ እየቆየች፣ “አልደረሰም?” ትላለች።

“ደረጃውን ወርዷል” ይላታል።

“አሁንስ?”

“ድልድዩ ላይ ነው። እየሮጠ ነው።”

“አይሩጥ በሉት” አለች፤ ድምፅዋ እየቀጠነ ነበር።

ቶኩዞ ወደ ጆሮዋ ተጠጋ። “ደርሷል፤ በሩ ላይ ነው” አላት። አልመለሰችለትም። በሩ ላይ ነው ብሎ ደገመላት፤ ደጋግሞም ነገራት፣ እኔ ትከሻውን ይዤ እስካስነሣው ድረስ።